ሽማግሌ የሌለበት ከተማ
(በደቅ ደሴት ለሕዝብ የቀረበ ንግግር)



በአንድ ያረጀ ገበሬ ልጀምር። ሚስቱ በፈንጣጣ ሞታበታለች። ሁለት ትንንሽ ልጆች አሉት። አሳማ ያረባል፤ አሳማዎቹ እየታመሙበት፣ የታመመውን ከጤነኛው ለመለየት ሲታገል ጭቃ ውስጥ ይወድቃል። አንድ ቀን ከቤት አሮጌ ሽጉጥ ያወጣና፣ ጣሳ አስቀምጦ ይተኩሳል። ይስታል። ደግሞ ይተኩሳል፤ ይስታል። ጥይቱ እያለቀ ጣሳው ንቅንቅ አይልም። ትንሿ ልጁ አባቷ ድሮ ሰው ይገድል እንደ ነበር ወንድሟን ትጠይቀዋለች። ሰውየው ምንም ሳይል ቤት ይገባል፣ ረጅም ጠመንጃ ይዞ ይወጣል፣ ጣሳውን በአንድ ተኩስ ያበረዋል። ወዲያው ፈረስ ላይ ልውጣ ሲል ግን ፈረሱ አላስወጣ ይለዋል፤ ልጆቹ እያዩት መሬት ላይ ይዘረራል።

ይህ ሰው ዊልያም መኒ ይባላል። ፊልሙ «አንፎርጊቭን» ነው፤ በእኛ አፍ «ይቅር ያልተባለ» ብንለው ያስኬዳል። እ.ኤ.አ. በ1992 ወጣ። ያዘጋጀውም፣ መኒን ሆኖ የተጫወተውም ክሊንት ኢስትውድ ነው። ኢስትውድ በጎልማሳነቱ ባርኔጣውን ደፍቶ፣ ዓይኑን አጥብቦ፣ ከሁሉ ቀድሞ የሚተኩስ ሰው እየሆነ ነበር ዓለም ያወቀው። የዚህን ፊልም ድርሰት ከገዛ በኋላ ግን አልቸኮለም፤ ለመኒ የሚሆን ዕድሜ እስኪደርስ ድረስ ለዓመታት አስቀመጠው። ፊልሙ ሲወጣ 62 ዓመቱ ነበር። ያንን የጠበቀውን ሽበት በፊቱ ላይ ታዩታላችሁ። ፊልሙ አራት ኦስካር አገኘ፤ አንዱ የዓመቱ ምርጥ ፊልም ሽልማት ነው።

ስለ አሜሪካ ነፍሰ ገዳዮች ደቅ ላይ ምን አስወራህ የሚል ሰው አይጠፋም። ጎጃም ውስጥ ጠመንጃ ምን እንደሆነ ለእናንተ ልነግራችሁ አልችልም። ከልጅነታችን ጀምሮ ምንሽር፣ ውጅግራ፣ ስናድር እየተባለ ስሙን ስንጠራው የኖርን ነን። ለሰርግ ይተኮሳል፣ ለለቅሶ ይተኮሳል፣ ለልጅ ይወረሳል። ስለዚህ ጠመንጃ የያዘ ሰው ሲያረጅ ምን ይሆናል የሚለው ጥያቄ የእኛም ጥያቄ ነው። ፊልሙ ይህን ጥያቄ ከሌሎቹ ፊልሞች ሁሉ አጥብቆ ይጠይቃል። መልሱን ግን እዚህ፣ ጣና ላይ፣ ከፊልም ሠሪዎቹ ይልቅ እናንተ የምታውቁት ይመስለኛል።

ፊልሙን በወጣትነቴ ሳየው ልቤን የሞላው መጨረሻው ነበር፤ ዝናብ፣ ጨለማ፣ መሸታ ቤት፣ ተኩስ። ከዓመታት በኋላ ደግሜ ሳየው ግን ዓይኔ የቆመው መጀመሪያው ላይ ነው። በፊልሙ ውስጥ ነገር ሁሉ የተበላሸው እዚያ ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። ዋዮሚንግ ውስጥ ቢግ ዊስኪ የምትባል ትንሽ ከተማ አለች። በመሸታ ቤቷ የምትሠራ ደሊላ የምትባል ልጅ በአንድ ከብት ጠባቂ ላይ ትስቃለች። ሰውየው በንዴት ፊቷን በቢላ ይተለትለዋል፤ ጓደኛው አብሮት አለ። የከተማው ሹም ሊትል ቢል በሌሊት ይጠራል። ሁለቱን አስሮ ሊገርፋቸው ሲል የመሸታ ቤቱ ባለቤት ስኪኒ ወረቀት ይዞ ይመጣል፦ ልጅቷን ያመጣት ገንዘብ አውጥቶ ነው፤ አሁን ፊቷ እንዲህ ከሆነ ማን ይፈልጋታል? ሹሙ ያስብና ይፈርዳል። የቆረጠው አምስት ፈረስ፣ ጓደኛው ሁለት ፈረስ በጸደይ ያምጡ። ለማን? ለስኪኒ።

ደሊላ ቁስሏን ይዛ ተኝታለች። ወጥቶ የጠየቃት የለም። ሰባት ፈረስ ተቆረጠ፤ ለእርሷ ግን አንድ ኮቴ አልደረሳትም። ጓደኞቿ ያጠራቀሙትን ሁሉ አዋጥተው፣ ሁለቱን ለገደለ 1,000 ዶላር እንሰጣለን አሉ። ወሬው ተሰማ። አሳማ አርቢውን መኒን ከጭቃው ያወጣው፣ የድሮ ጓደኛውን ኔድ ሎጋንን ከሚስቱ ለይቶ ያስነሣው፣ ሩቅ ማየት የማይችለውን ጉረኛ ወጣት ፈረስ ላይ ያስቀመጠው ይህ ወሬ ነው። ከዚያ ወዲያ የሚፈስሰው ደም ሁሉ ምንጩ የዚያች ሌሊት የተሳሳተች ካሳ ናት።

አማርኛችን «ሸመገለ» የሚለውን ቃል ለሁለት ነገር ይጠቀምበታል። ሸመገለ ማለት አረጀ ማለት ነው፤ ሸመገለ ማለት አስታረቀም ማለት ነው። ለእኛ እርጅና ሥራ አለው። ጉልበቱ ሲደክም፣ ዓይኑ ሲፈዝ፣ ሰውየው ሌላ ሹመት ይሾማል፤ የተጣላ ሲኖር ይጠራል። ቢግ ዊስኪን በዚህ ቃል ብርሃን ስትመለከቷት የምታዩት ያረጁ ሰዎች ብቻ ነው፤ የሸመገለ አንድም የለም። መኒ አርጅቷል፤ ኔድ አርጅቷል፤ ሹሙም ዕድሜው ገፍቷል፣ ከሥራ ሲወርድ የሚያርፍበትን ቤት በእጁ እየሠራ ነው። ጣሪያው ያፈስሳል። ያ ሹም አናጢነቱ እንዲህ ነው፤ ዳኝነቱም እንዲሁ ነው ለማለት አዘጋጁ አንድ ቃል አልጨመረም፤ ዝናቡ ሲንጠባጠብ ብቻ አሳየን።

በእኛ አገር ሰው የገደለ ዱር ቤቴ ይላል። የሟች ወገን ደሙን ሊመልስ ጠመንጃውን ወልውሎ ይጠብቃል። ከዚያ ሽማግሌ ይገባል። አሠራሩ ከቦታ ቦታ ይለያያል፤ ዋናው ግን አንድ ነው። ሽማግሌዎቹ ከካህን ጋር ሆነው መጀመሪያ የሚሄዱት ወደ ገዳዩ ሳይሆን ወደ ተበዳዩ ቤት ነው። ይመለሳሉ። ደግመው ይሄዳሉ። ይሰደባሉ፣ ይባረራሉ፣ ደጅ ያድራሉ። አንድ ቀን የሟች ወገን «እስኪ እንስማ» ይላል። የዕርቁ ዕለት ገዳዩ በአንገቱ ድንጋይ ተሸክሞ፣ ጎንበስ ብሎ ይመጣል። ካሳው ይቆረጣል፣ መሐላው ይፈጸማል፣ «ይቅር ለእግዜር» ይባላል። ጎጃሜ ይህን ደም ማድረቅ ይለዋል። ደም በራሱ አይደርቅም፤ የሚያደርቀው ሰው ይፈልጋል።

አያቴ ምንሽር ነበረው። ለገበያም ለሰርግም ከትከሻው አይለይም። ለሽምግልና ሲጠራ ግን ግድግዳው ላይ ሰቅሎት በዘንጉ ብቻ ይወጣል። ምክንያቱን አንድ ቀን ጠየቅሁት። «ጠመንጃ ይዤ ብሄድ ሰዉ እኔን መስማቱን ይተውና ጠመንጃውን ይሰማል» አለኝ። ሲሸሽ የነበረ፣ ሲያሳድድም የነበረ ሰው ነው ይህን የሚለው።

ነገር ግን እናቶቼና እህቶቼ ፊት ቆሜ የራሳችንን ሽምግልና ብቻ ሳመሰግን ብውል ሐሰት ይሆንብኛል። ስኪኒን እዚህም አውቀዋለሁ። ልጅ ተጠልፋ፣ ተደፍራ፣ ሽማግሌ ገብቶ፣ ካሳው ለአባት ወይም ለወንድም ተቆጥሮ፣ ልጅቷ ለጠለፋት ሰው ሚስት ሆና የቀረችበት ዕርቅ በአገራችን ጥቂት አይደለም። ዘረሰናይ ብርሃነ መሐሪ «ድፍረት» በሚለው ፊልሙ ያሳየን ይህንኑ ነው። እ.ኤ.አ. በ2014 ሰንዳንስ ላይ የተመልካቾችን ሽልማት ያገኘው ይህ ፊልም እውነተኛ ታሪክ ላይ የቆመ ነው፤ ሂሩት የተባለችው የ14 ዓመት ልጅ የጠለፋትን ሰው በራሱ ጠመንጃ ትገድለዋለች፤ ጠበቃዋ መዓዛ አሸናፊ ፍርድ ቤት ቆማ ራሷን ለማዳን እንደ ተኮሰች ታስረዳላታለች። እዚያም የአገር ሽማግሌዎች ይሰበሰባሉ። ልጅቷ ግን መካከላቸው የለችም። «ድፍረት»ን እና «አንፎርጊቭን»ን አንድ ሌሊት አከታትሎ ያየ ሰው፣ ደሊላና ሂሩት በአንድ ቤት ያደጉ እህትማማቾች ይመስሉታል። ሽምግልና የሚያድነው ተበዳዩን አስቀምጦ የጠየቀ ጊዜ ነው። ያን ካላደረገ ዘንግ የያዘ ሊትል ቢል ነው።

አሁን ዓይናችሁን ወደ ውኃው መልሱልኝ። ከዚህ ከደቅ አጠገብ ያለችው ዳጋ እስጢፋኖስ የነገሥታት አስከሬን የሚጠበቅባት ደሴት እንደሆነች ልጅ ሁሉ ያውቃል። ከእነርሱ አንዱ ዐፄ ፋሲለደስ ነው። የፋሲለደስ አባት ሱስንዮስ ዙፋን ላይ ከመውጣቱ በፊት ለዓመታት ሸፍቶ የኖረ፣ ከፈረስና ከጦር ጋር ያደገ ሰው ነበር። የካቶሊክን ሃይማኖት ተቀብሎ በአገር ላይ ሲያውጅ አገር ተነሣበት። ሰኔ 1624 ዓ.ም. ወይና ደጋ ላይ የላስታውን የመልክአ ክርስቶስን ጦር ገጠመ፤ ድሉም የእርሱ ሆነ። ሜዳው ላይ 8,000 ያህል ሰው ወደቀ ይባላል። በታሪክ እንደሚተረከው፣ ልጁ ፋሲለደስ ሬሳውን እያሳየ፣ እነዚህ የገደልናቸው የራሳችን ወገኖች ናቸው አለው። ስልሳ ዓመት ገደማ የሆነው ያ የድሮ ሽፍታ ይህን ድል መሸከም አቃተው። የአባቶች ሃይማኖት ይመለስ ብሎ አወጀ፣ ዙፋኑን ለልጁ ለቀቀ፣ ከጥቂት ወራት በኋላ ሞተ። እኔ በታሪካችን የማውቀው፣ የመኒን ፊት የሚመስል ፊት ይህ ነው፤ አሸንፎ የቆመ፣ ያሸነፈውንም ማየት የማይፈልግ።

የፋሲለደስ የልጅ ልጅ ደግሞ ታላቁ ኢያሱ ነው። ከ1674 ዓ.ም. ጀምሮ ለ24 ዓመታት ያህል ነገሠ፤ ዘመኑን በዘመቻና በአደን ያሳለፈ፣ ጦሩ የወደደው ንጉሥ ነበር። የሚወዳት ሴት ስትሞትበት ግን ልቡ ተሰበረ። መንግሥቱን ትቶ፣ ወደዚህ ወደ ጣና መጥቶ፣ ደሴት ላይ ተቀመጠ። ጎንደር ላይ ልጁ ተክለ ሃይማኖት አባቱ በሕይወት ሳለ ነገሠ። ኢያሱ ውኃው የሚከልለው መስሎት ይሆናል። ጥቅምት 1699 ዓ.ም. የአዲሱ ንጉሥ አጎቶች በጀልባ ተሻግረው ደሴቷ ላይ ገደሉት። ምጽራሐ ደሴት ተቀበረ።

ደም አልደረቀም። ሁለት ዓመት ሳይሞላ ተክለ ሃይማኖት ራሱ ተወግቶ ሞተ። ቀጥሎ የነገሠው የኢያሱ ወንድም ቴዎፍሎስ የወንድሙን ገዳዮችና የተክለ ሃይማኖትን እናት መለኮታዊትን በሞት ቀጣ። እዚህ መካከል ሽማግሌ ገብቶ ነበር የሚል አላነበብሁም። ጠመንጃውን ያስቀመጠ ሰው ብቻውን ማስቀመጡ አይበቃውም፤ ሌሎችም ማስቀመጡን አምነው መቀበል አለባቸው። ፊልሙ ውስጥ ይህ የደረሰበት ኔድ ነው። ኔድ ጠመንጃውን አነጣጥሮ ሳለ ጣቱ እምቢ አለው፤ መተኮስ አልቻለም። ጠመንጃውን ለመኒ ሰጥቶ ወደ ሚስቱ ተመለሰ። መንገድ ላይ ያዙት፤ ሊትል ቢል እየገረፈ ገደለው። ከጓደኞቹ ሁሉ በፊት የተወው ሰው ከጓደኞቹ ሁሉ በፊት ሞተ። መኒ ይህን ሲሰማ ሚስቱ ያስተወችውን ውስኪ አንሥቶ ይጠጣል፤ ያን ጊዜ ፊቱ የሚለወጠውን እዩት፤ የድሮው ሰው ተመለሰ።

የእኛዋ ናርጋ ሥላሴ የዚሁ የኢያሱ ቤተሰብ ሥራ መሆኗን ሳስብ ልቤ ይነካል። እቴጌ ምንትዋብ የኢያሱ ልጅ የዐፄ በካፋ ሚስት ናቸው። ምራትየዋ አማታቸው የተገደለበት ሐይቅ ላይ፣ እዚህ ደቅ ላይ፣ ቤተ ክርስቲያን አሠሩ። ግድግዳው ላይ እቴጌዪቱ በእመቤታችን እግር ሥር ተደፍተው ተሥለዋል።

ስለ አዝማሪ አንድ ነገር ሳልል አላልፍም። ፊልሙ ውስጥ ኢንግሊሽ ቦብ የሚባል የታወቀ ተኳሽ ይመጣል፤ የእርሱን ጀብዱ የሚጽፍ ቦሻምፕ የሚባል ጸሐፊ ይከተለዋል። ሊትል ቢል ቦብን ደብድቦ ካሰረው በኋላ፣ መጽሐፉ ውስጥ ያለው ጀብዱ እንዴት እንደሆነ ለጸሐፊው ይተርክለታል፤ ስካር፣ የከሸፈ ሽጉጥ፣ ባዶ እጁን የቆመ ሰው መግደል። ጸሐፊው ወዲያው ቦብን ትቶ ቢልን ይከተላል። ቢል ሲሞት ደግሞ መኒን መጠየቅ ይጀምራል። እኛ ይህን ሰው እናውቀዋለን። የጉር አምባ ጦርነት ሲነሣ፣ ኅዳር 1845 ዓ.ም.፣ የጎጃሙ ደጃዝማች ጎሹ የኋላውን ዐፄ ቴዎድሮስን፣ ካሳን፣ ሊገጥም ሲወጣ አንድ አዝማሪ ካሳን እየሰደበ ጎሹን አሞገሠ ይባላል። ጎሹ ወደቀ፤ አዝማሪው ተያዘ፤ ካሳ ፊት ቀርቦ በዚያው ምላስ ራሱን ሰደበ፤ አላዳነውም። ፉከራና ቀረርቶ ስወድ ኖሬአለሁ፤ እዚህ ደረቴን ነፍቼ የሰማኋቸው አሉ። ነገር ግን ፉከራ የገዳዩን ቃል እንጂ የሟቹን እናት ቃል አይዝም፤ እርሱን ሙሾ ይይዘዋል። የፊልሙ ትልቅነት ፉከራውን አስጀምሮ ሙሾ እንድንሰማ ማድረጉ ነው። ያ ጉረኛ ወጣት አምስት ሰው ገድያለሁ ሲል ከርሞ፣ በእውነት አንድ ሰው ከገደለ በኋላ ዛፍ ሥር ቁጭ ብሎ ያለቅሳል፤ ከዚህ በፊት ማንንም ገድሎ እንደማያውቅ ይናገራል፣ ሽጉጡንም ለመኒ ሰጥቶ ይሄዳል።

የዚህ ዓይነት ፊልሞች ሌሎችም አሉ። ጆን ዌይን በመጨረሻ ፊልሙ፣ እ.ኤ.አ. በ1976 በወጣው «ዘ ሹቲስት»፣ በካንሰር የሚሞት ተኳሽ ሆነ፤ ከሦስት ዓመት በኋላ እርሱም በካንሰር ሞተ። ሳም ፔኪንፓ ሁለት ያረጁ ጓደኛሞችን ወርቅ ጠባቂ አድርጎ በ«ራይድ ዘ ሃይ ካንትሪ» አሳይቷል፤ ያ 1962 ላይ ነው። መልካም ፊልሞች ናቸው። ግን ሁለቱም ያማረ፣ የተከበረ ሞት ይሰጣሉ። «አንፎርጊቭን» ክብሩን አይሰጥም፤ እኔም ስለዚህ ነው የመረጥሁት።

አንድ ሰው ግን ሐሳቤን ሁሉ ያስቸግረዋል፤ ደጃዝማች ባልቻ ሳፎ፣ አባ ነፍሶ። የካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም. አድዋ ላይ ፊታውራሪ ገበየሁ ከወደቀ በኋላ መድፉን ያነጋገረው እርሱ ነው። በ1920 ዓ.ም. ከሲዳሞ በሺህ የሚቆጠር ሠራዊት አስከትሎ አዲስ አበባ ገባ፤ ራስ ተፈሪ ግብር ጠርተውት ሲበላ፣ ንፋስ ስልክ የሰፈረው ጦሩ በገንዘብ ተበተነ። አንድ ጥይት አልተተኮሰም። ባልቻ ታሰረ፤ ከዚያም ገዳም ገባ። አሮጌው ዘመን በግብር ማዕድ ላይ አለቀ፤ ሰውየው ግን ገና አላለቀም። ጣሊያን አዲስ አበባ ሲገባ ያ የሸመገለ መነኩሴ ከገዳሙ ወጣ። በ1929 ዓ.ም. እጅ እሰጣለሁ ብሎ ጠላቱን አስጠግቶ፣ ተኩሶ፣ ተዋግቶ ሞተ ይባላል። የእኛውን አርበኛ በላይ ዘለቀን ጥር 1937 ዓ.ም. ስቅላት ቀድሞ ወሰደው፤ ለመሸምገል ዕድሜ አላገኘም። ባልቻ ግን ዕድሜውንም፣ ገዳሙንም አግኝቶ ነበር። ጠመንጃውን አስቀምጧል፤ ማስቀመጡንም አገር ተቀብሎለታል። እንዲያው ሆኖ ተነሣ። ለመኒ 1,000 ዶላር ነበር የቀረበለት፤ ለባልቻ ማንም ምንም አላቀረበለትም። እኔ ይህን ሰው ከገዳም በመውጣቱ አልወቅሰውም፤ በእርሱ ቦታ ሆኖ ቤቱ የሚቀመጠውን ግን እጠይቀው ነበር።

ወደ ቢግ ዊስኪ ልመለስና ልጨርስ። በጸደይ ሁለቱ ሰዎች የተቆረጡባቸውን ፈረሶች ይዘው ይመጣሉ። ወጣቱ፣ ያልቆረጠው፣ ከተቆረጠበት በላይ አንድ ፈረስ ጨምሯል፤ ከሁሉ የሚያምረውን። ለስኪኒ አይደለም፤ ለደሊላ ነው። በዚያ ከተማ ለእርሷ ብሎ የመጣ እርሱ ብቻ ነው። ሴቶቹ ጮኸውበት ጭቃ ይወረውሩበታል። ልክ ናቸው፤ ስድብ ነው የመሰላቸው። ከልጁ ጋር አብሮ የመጣ ሽማግሌ የለም፤ ቀድሞ ደጅ የጠና የለም፤ ደሊላን ምን ትያለሽ ያላት የለም። ደሊላ ግን ጭቃ አትወረውርም። ጠባሳዋን ይዛ ቆማ ፈረሱን ታያለች፣ ከዚያ ልጁን ታያለች። ልጁ ትንሽ ይጠብቃል። ከዚያ ፈረሱን ይዞ ይመለሳል።